ሰው ሲጠራ

የአገሩን ስም አልነግራችሁም። ብነግራችሁ ግማሻችሁ «የእኛ ነው»፣ ግማሻችሁ «የእነሱ ነው» ብላችሁ ትጣላላችሁ፤ እኔ ደግሞ በዚህ ዕድሜዬ ገላጋይ የምሆንበት ወገብ የለኝም። ብቻ አንድ አገር ነበር። ተራራ ላይ የተቀመጠ፣ ነፋሱ የማያርፍ፣ ሰዉ ግን ከንጋት እስከ እኩለ ቀን ንቅንቅ የማይል አገር።

ሰንፎ እንዳይመስላችሁ። ሰዉ ደጃፉ ላይ ተቀምጦ፣ በሁለት መዳፉ ድንጋይ ይዞ፣ ድንጋዩን እያየ ነው። በዚያ ተራራ ሆድ ውስጥ ማዶውን የሚያሳይ ድንጋይ ይበቅላል። ይበቅላል ያልኩት አምልጦኝ አይደለም፤ ጥርስ ከድድ እንደሚወጣ ከዐለቱ ይወጣል፣ ስድስት ጎን አለው፣ ጫፉ ሹል ነው። እናንተ ክሪስታል ትሉት ይሆናል። እነሱ ጥርት ይሉታል።

መጀመሪያ ያገኙት አባ ልሳኑ የሚባሉ ጉድጓድ ቆፋሪ ናቸው። ውሃ ፍለጋ ሲቆፍሩ ጥርት አገኙ። ሌላው ቢሆን አንገቱ ላይ ያንጠለጥለው ነበር። እሳቸው መዳፋቸው ላይ አስቀምጠው ሲያዩት ዋሉና እንዲህ አሉ፦ «የሰው ልቡና የጎርፍ ውሃ ነው። ሲሮጥ ይደፈርሳል፣ ሲቆም ይጠራል። ይህ ድንጋይ መቆም የቻለ ውሃ ነው፤ ስንት ሺህ ዓመት እንደቆመ እንጃ። እኛም በቀን ጥቂት አብረነው ብንቆም ራሳችንን እናየው ይሆናል።» ሰዎች እየመጡ «ድንጋዩ ያስባል ወይ?» ብለው ሲጠይቋቸው ይስቁ ነበር። «አያስብልህም። አንተ እስክታስብ ድረስ ግን ይጠብቅሃል» ይሉ ነበር። ትምህርታቸው ይኸው ነው። ሌላ የለውም።

ከመሞታቸው በፊት በዋሻው አፍ ላይ ባለው ሰሌዳ ድንጋይ ሰባት መስመር ቀረጹ። ስድስቱ እንዴት እንደሚቀመጡ የሚናገሩ ናቸው፤ እጅህን ታጠብ፣ ርቦህ አትቀመጥ፣ ድንጋይህን ከጎረቤትህ ድንጋይ ጋር አታስተያይ፣ እንዲህ እንዲህ የሚሉ። ሰባተኛው ግን «ሰው ሲጠራ ድንጋዩን አኑር» ይላል።

ነገሩ የተበላሸው እዚህ ላይ ነው። ሰማይ ሲጠራ እንላለን፤ ሰው ሰውን ሲጠራም እንላለን። አኑር ማለት መሬት አስቀምጥ ማለትም ነው፣ እንዳይነቃነቅ አድርገህ ትከል ማለትም ነው። ሁለት ሆድ ያላቸው ሁለት ቃላት ጎን ለጎን ተቀምጠዋል። አባ ልሳኑ በሕይወት ቢኖሩ አንድ ሰው ሄዶ ይጠይቃቸው ነበር፤ ሞተዋል። ደቀ መዛሙርቱም ተሰብስበው መከሩ። ቆፋሪ የነበሩ መምህራቸው እንደ ቆፋሪ ተናግረው ይሆናል ብሎ ማሰብ አሳፈራቸው። ስለዚህ እንዲህ ብለው ፈቱት፦ ሰው ልቡናው ሲጠራ፣ ድንጋዩ በግንብ ላይ ይተከልለት።

በቃ፣ ከዚያ በኋላ ጉድ ፈላ። ግንብ ያስፈልጋል፤ ተሠራ። ማን ጠራ፣ ማን አልጠራም የሚል ያስፈልጋል፤ የጥራት ሸንጎ ተቋቋመ። የሸንጎው አለቃ ሊቀ ጥራት ተባለ። የዝምታ አጋፋሪ ተሾመ፤ ሥራው በጽሞና ሰዓት፣ ከንጋት እስከ ቀትር ደወል፣ ውሾች እንዳይጮኹ መለማመጥ ነው። ጭጋግ መርማሪ ተሾመ፤ እሱ በየደጃፉ እየዞረ የሰዉን ድንጋይ አጎንብሶ ያያል፣ ድንጋዩ ላይ ጭጋግ ካየ የዚያ ሰው ልቡና ደፍርሷል ማለት ነው። መርማሪው የሚያየው በግራ ዓይኑ ብቻ ነው፣ ቀኙን በመሐላ ጨፍኗል፤ በዚህም የተነሳ ከአህያ ጋር ሳይጋጭ የዋለበት ቀን የለም። የተኛ ሰው ልቡናው ራሱ ጋ ነው ወይስ ድንጋዩ ጋ ነው በሚል ክርክር ሸንጎው አሥራ አንድ ዓመት ፈጀ። በመጨረሻ ለሁለቱም ብርድ ልብስ ይደረግ ተባለ። እስከ ዛሬ በዚያ አገር ድንጋይ ሁሉ ትንሽ ብርድ ልብስ አለው። አትሳቁ፤ በዚያ ብርድ ልብስ የተፋታ ባልና ሚስት አለ።

ከሁሉ የከበደው ሕግ ግን ይህ ነበር፦ ድንጋይ የያዘ ሰው ማንም ቢጠራው አይመልስም። የመለሰ እንደሆነ ድንጋዩ ይቀማል። ድንጋይ የሌለው ሰው ደግሞ ያልነቃ ይባላል። ያልነቃ ሰው ምስክርነቱ አይሰማም፣ ሰላምታው አይመለስም፣ ሁሉንም ሰው «እርስዎ» ማለት አለበት፣ መኖሪያውም ከገደሉ ሥር ነው። እዚያ ሆኖ ለነቁት ጥርት ይቆፍራል። ልብ በሉ፤ ድንጋዩን ከመሬት የሚያወጣው ድንጋይ የተከለከለው ሰው ነበር።

በዚህ አገር መምህር ደመላሽ የሚባል ሰው ነበር። የታወቀበት ነገር ክፍተቱ ነው። ያ ሰባተኛው መስመር «ሲጠራ» ካለ በኋላ «ድንጋዩን» እስኪል ድረስ ሁለት ጣት የምታህል ባዶ ቦታ አለችው። ሌላው ቃል ሁሉ ተጠጋግቶ ተቀርጾ ይህ ብቻ ለምን ተራራቀ? መምህር ደመላሽ ይህን ሃያ ዓመት አስተማረ። ክፍተቱ የዝምታ ምልክት ነው፣ የጠራ ልቡና ከቃል ወደ ቃል ሳይቸኩል የሚያርፍባት ሜዳ ናት ይል ነበር። ሲናገር ደግሞ ያምርበታል። የሁለት ቀን መንገድ ተጉዘው የሚሰሙት ነበሩ።

የዝና የምትባል እህት ነበረችው። እናታቸው ስትሞት እሷ ገና ጡት አልጣለችም፤ እሱ አሥራ ሁለት ዓመቱ ነበር። በጀርባው አዝሎ ነው ያሳደጋት። «ጋሼ» ትለዋለች። ድምፅዋ ትንሽ ሻከር ያለ ነው፤ በገበያ መካከል ሆና ብትጠራው እንኳ ከመቶ ሰው ድምፅ ለይቶ ዞር ይላል።

የዝና ድንጋይዋን ያጣችው አንዲት ጎረቤቷ ምጥ ይዟት በጽሞና ሰዓት «ድረሱልኝ» ብላ ስትጮኽ ነው። መንደሩ በሙሉ ጆሮ ዳባ ልበስ አለ። የዝና ድንጋይዋን ደጃፉ ላይ ጣል አድርጋ ሮጠች። ሕፃኑ በሰላም ተወለደ፣ እሷ ሸንጎ ፊት ቆመች። ደመላሽ እዚያው ነበር። አፉን ይዞ ቀረ። ሲወጡ «ትንሽ ብትታገሺ ምን ነበረበት?» አላት።

«ጋሼ ሙት፣ እኔማ እታገስ ነበር» አለችው። «ሕፃኑ ነው እምቢ ያለኝ።»

ከገደሉ ሥር ወረደች። አያልነህ የሚባል ቆፋሪ አገባች፤ ረጅም፣ ሲስቅ ትከሻው የሚንቀጠቀጥ ሰው ነው። ደመላሽ ከሰዓት በኋላ ድንጋይ የሚመርጥ መስሎ ይወርድ ነበር። ያልነቃን ሰው ፊት ለፊት ማነጋገር ክልክል ስለሆነ ጀርባውን ሰጥቷት ይቆማል፣ ዐለቱን የሚያናግር ይመስላል። እሷም ሕጉን ጥላ «አንተ» ትለዋለች። «ጋሼ፣ ጀርባህ ወፍሯል፤ ሸንጎው በደንብ ያበላሃል መሰለኝ» ስትለው እንዳይስቅ ከንፈሩን ይነክስ ነበር።

አሁን የሰውየውን ልብ ልንገራችሁ። ድንጋዩ ግንብ ላይ የተተከለለት ሰው ጥሩ ይባላል፤ ጥሩ የተባለ ሰው ደግሞ ከሸንጎው አንድ ልመና ይፈቀድለታል። ደመላሽ ለሠላሳ ዓመት ሲቀመጥ፣ በተለይ እህቱ ከወረደች ወዲህ፣ በልቡ የያዘው ይህን ነው። ጥሩ ልባልና የዝናን አስመልሳታለሁ። ለእሷ ብዬ ነው የምቀመጠው ይላል። እውነቱንም ነበር፤ ያናደደኝ እሱ ነው፣ እውነቱን ነበር።

ቀኑ ደረሰ። የመጨረሻው ፈተና ሰባት ጠዋት ነው። ሰባቱን ጠዋት ድንጋዩ ሳይጨግግ ከዋለ ግንቡ ላይ ይተከልለታል። ቤቱ ገደሉ አፋፍ ላይ ነውና ደጃፉ ላይ ተቀመጠ። በመንገዱ ግራና ቀኝ እስከ አርባ የሚደርሱ ጎረቤቶች እያንዳንዳቸው ድንጋያቸውን ይዘው ተቀምጠዋል። ሦስቱ ጠዋት አለፈ።

በአራተኛው ቀን ፀሐይዋ ሞቅ ስትል፣ ከገደሉ ሥር የዐለት መናድ ድምፅ ተሰማ። ቀጥሎ የዝና ጮኸች።

«ጋሼ! ጋሼ ደመላሽ! ጉድጓዱ ተናደ! አያልነህ ከሥር ነው!»

ደመላሽ ድንጋዩን ጠበቅ አድርጎ ያዘ።

«ጋሼ፣ በሕይወት አለ! እየተናገረ ነው! የወደቀበትን ግንድ የሚያነሳልኝ አንድ ሰው ብቻ! አንድ ሰው!»

ሌሎቹ ቆፋሪዎች አልነበሩም። ለራሱ ለደመላሽ በዓል የሚሆን የግንብ ድንጋይ ተሸክመው በማለዳ ሽቅብ ወጥተዋል። ከገደሉ አፋፍ እስከ ጉድጓዱ ሮጦ ለሚወርድ ሰው እግር ከማንሳት አይቆጠርም፤ ያን መንገድ እንደ ደመላሽ የሚያውቀው ደግሞ የለም። ሦስት ጠዋት ቀረኝ አለ በልቡ። ሦስት ጠዋት ብቻ። ከተነሳሁ እኔም ያልነቃሁ እሆናለሁ፣ እሷንም ለዘላለም የሚያወጣት አይኖርም። ሌላ ሰው ይነሳል። ይህ ሁሉ ሰው እያለ አንዱ ይነሳል።

አርባውም እንዲህ ነበር የሚያስቡት።

ዘጠኝ ጊዜ ጠራችው። ቆጥሯል። ስድስተኛው ላይ «ጋሼ» ብቻ ሆነ፤ ሌላ ቃል አልጨመረችም። ጭጋግ መርማሪው ልብሱን ሰብስቦ እየሮጠ መጣ። ወደ ጉድጓዱ እንዳይመስላችሁ፤ ወደ ድንጋዮቹ ነው። እንዲህ ያለ ጩኸት በዘመን አንዴ የሚገኝ ፈተና ነው። ደመላሽ ላይ አጎንብሶ በግራ ዓይኑ አየ። «ጠብታ ጭጋግ የለም!» አለ፣ በደስታ ድምፁ ቀጠነ። ጭጋግ የሚሆነው የሰው ትንፋሽ ነው እኮ፤ ደመላሽ ትንፋሹን ውጦ ተቀምጦ ከየት ይምጣ?

የቀትር ደወል ሲደወል ድንጋዩን ጥሎ ሮጠ። የዝና ከግንዱ አጠገብ ተቀምጣለች። የአያልነህ ክንድ እስከ ትከሻው ወጥቷል፤ እሱን በጥፍሯ ነው ያወጣችው። ቀሪው አልወጣም። የወጣውም እጅ ቀዝቅዟል። ደመላሽ ግንዱን ብቻውን አነሳው። አንድ ሰው በእርግጥ ያነሳው ነበር።

የዝና ብድግ አለች። ወንድሟን ፊት ለፊት አየችው፣ ነጠላዋን አስተካከለችና እጅ ነሳች።

«እንኳን ደህና መጡ» አለችው።

ከተወለደች ጀምሮ «እርስዎ» ብላው አታውቅም። የደመላሽ ድንጋጤ ከአያልነህ ሬሳ ይልቅ ከዚያች ቃል ነበር፤ በኋላ ይህንንም ሲያስበው አፈረ።

በሦስተኛው ቀን ደግሞ ድንጋዩ ተተከለ። ምን ላድርግ፣ ተተከለ ነው የምላችሁ። መለከት ተነፋ፣ የዝምታ አጋፋሪው በውሾቹ ስም መልካም ምኞት አቀረበ፣ ጭጋግ መርማሪው የዚያችን ጠዋት ጩኸት ለሕዝቡ እያስመሰለ ጮኾ አሳየ። ሰው አጨበጨበ። ደመላሽ ልመናውን አቀረበ፤ ተፈቀደለት። በማግሥቱ በአዲስ ብርድ ልብስ የተጠቀለለ ጥርት ለየዝና ተላከላት። የተላኩት ሰዎች ሲመለሱ «ምን አለች?» ብሎ ጠየቀ። «ተቀበለች» አሉት። «ሌላስ?» «ብርድ ልብሱ ለሕፃን ይሆናል ብላ ለጎረቤቷ ሰጠች።»

አዲስ ጥሩ የተባለ ሰው የመጀመሪያ ሥራው የአባ ልሳኑን ሰሌዳ ኖራ መቀባት ነው። በየጊዜው አዲስ ጥሩ በተገኘ ቁጥር ሰሌዳው በመጋረጃ ይከለላል፤ እሱም ብቻውን ገብቶ አሮጌውን ኖራ ይፍቃል፣ አዲስ ይቀባል፣ ፊደሎቹን በቀይ አፈር ያደምቃል። ከጥሩዎቹ በቀር ራቁቱን ሰሌዳ ያየ የለም።

ደመላሽ ገባ። ከመጀመሪያው መስመር ጀምሮ ፋቀ። ሰባተኛው ጋ ሲደርስ እጁ ቀስ አለ፤ ሃያ ዓመት ያስተማራት ክፍተት ናት። ኖራው እዚያች ላይ ከሌላው ቦታ ሁሉ ይወፍራል። ፋቀው። ከሥሩ ፊደል ወጣ። አንዲት ፊደል፣ እንደሌሎቹ ሁሉ ጠልቃ የተቀረጸች። ህ።

«ሰው ሲጠራህ ድንጋዩን አኑር።»

ሰማይ ሲጠራ ይባላል፤ ሰማይ ሲጠራህ አይባልም። ሁለተኛው ሆድ ተዘጋ። ቆፋሪው ሰውዬ እንደ ቆፋሪ ነው የተናገሩት፦ ሰው የጠራህ እንደሆነ ድንጋዩን መሬት አስቀምጥና ሂድ። ያፈሩባቸው ደቀ መዛሙርት ናቸው ፊደሏን መጀመሪያ በኖራ የደፈኗት። ደመላሽ እዚያው መሬት ላይ ዘጭ አለ።

ኖራ በኖራ ሆኖ ሊቀ ጥራት አንዳርጌ ዘንድ ሄደ። አንዳርጌ ያረጁ፣ ዓይናቸው የፈዘዘ ሰው ናቸው። ገና ሲገባ እጁን አይተው ገባቸው።

«አየሃት?» አሉት።

«እርስዎም ያውቃሉ?»

«ሃያ ሦስት ጥሩዎች ነን። ሃያ ሦስታችንም አይተናታል። ሃያ ሦስታችንም ኖራ ቀብተንባታል።» ደግሞ ሳይጠየቁ «እኔን የጠራችኝ እናቴ ናት» አሉ። «ከጓዳ ነው። ውሃ ፈልጋ። ውሃ እኮ ነው ልጄ! እንስራው አጠገቧ ነበር፣ መነሳት ግን አልሆነላትም። እኔ ደጃፍ ላይ ነበርኩ። ሁላችንም አንድ የጠራን ሰው አለን። ያልተጠራ ሰውማ ምን ፈተና ገጥሞት ጥሩ ይባላል?»

«ታዲያ ለምን አልተናገሩም?»

«ለማን ልናገር? ይህ ሁሉ ሰው በየደጃፉ አንድ ቀን የሆነ ድምፅ ሰምቶ ያልተነሳ ነው። ይህችን ፊደል ባሳየው ስንቱ ነው የሚያብድ? እኔ አብጃለሁ፤ የእኔ ይበቃል። ኖራ መቀባት ምሕረት ነው ልጄ። ሂድና ቀባ።»

ምሕረት። ደመላሽ የዚያን ሰዓት የሚፈልጋት ቃል ነበረች። ሄደና ቀባ። ፊደሏ ላይ ሁለት ጊዜ፣ ከዚያ ሦስተኛ ደገመ። ቀይ አፈሩንም አድምቆ ወጣ። ይህን ስነግራችሁ እኔ ራሴ አንጀቴ ያርራል፤ አልቀባም ብሎ ወጣ ብዬ ብነግራችሁ ደስ ይለኝ ነበር።

ከዚያ ወዲያ ማስተማር አልሆነለትም። አንድ ተማሪ ተነሥቶ «መምህር፣ ክፍተቱ ምንድን ነው?» ሲለው «ኖራ ነው» አለ። ተማሪዎቹ እርስ በርስ ተያዩ፣ ከዚያ ሁሉም ጻፉ። በሳምንቱ «ኖራ ነው» የሚለው ቃል ሦስት ትርጓሜ ወጣለት። ደመላሽ ትርጓሜውን አነበበና ታመመ። አንድ ወር ያህል ምግብ እምቢ አለው።

አንድ ቀን ጠዋት፣ ሰው ሁሉ ድንጋዩን ይዞ ሳለ፣ ተነሥቶ መንገድ ጀመረ። ጭጋግ መርማሪው አየውና ክው አለ። ጥሩ የተባለን ሰው መክሰስ አይቻልም፤ በጽሞና ሰዓት የሚሄድን ሰው አለመክሰስም አይቻልም። ቆመና አሰበ። «ጥሩ ሰው በጽሞና ሰዓት አይሄድም» አለ በመጨረሻ። «ስለዚህ የምትሄደው አንተ አይደለህም።» ግራ ዓይኑንም ጨፈነ። ደመላሽ አልፎት ሄደ።

የዝና የጉድጓድ መደገፊያ ግንድ በገመድ እያሰረች ነው። አሁን የምትቆፍረው ራሷ ናት። ከደጇ ሁለት ዶሮዎች ይጭራሉ፤ የውሃ ጣሳቸው እንዳይገለበጥ በጥርት ተደግፏል። ያ ጥርት በልመና የተገኘው ነው።

«የዝና።»

«እንደምን አደሩ?»

«ጋሼ በይኝ። አሁን እኮ ሕጉም ይፈቅድልሻል።»

«ሕጉስ ፈቅዷል» አለች ገመዱን እያጠበቀች። «አፌ ነው እምቢ ያለው።»

ሁሉንም ነገራት። ስለ ኖራው፣ ስለ ፊደሏ፣ ስለ አንዳርጌ እናት። ሦስት ጊዜ ደጋግሞ እንደቀባም አልደበቃትም። ሸንጎውን ትረግማለች ብሎ ጠበቀ፤ እሷ ብትረግም አብሯት ሊረግም ነበር። ብታለቅስም አብሯት ሊያለቅስ ተዘጋጅቷል። የዝና ግንዱን አስራ ጨረሰች፣ እጇን በቀሚሷ ጠረገች።

«አንዲት ፊደል ናት?»

«አንዲት ፊደል።»

«ምን ታህላለች?»

«ሁለት ጣት።»

ራሷን ነቀነቀች። «እና ባትኖርስ ኖሮ?»

«እንዴት?»

«ከኖራው ሥር ፊደሏ ባትገኝስ ኖሮ? ዛሬ እዚህ ይመጡ ነበር?» ድምፅዋ አልጨመረም፣ አልቀነሰም። «እኔ ያን ቀን ስጠራዎት፣ ድምፄን አላወቁትም? ነው ወይስ እሱም ትርጓሜ ነበረው?»

ደመላሽ ሃያ ዓመት ስለ ሁለት ጣት ባዶ ቦታ የተናገረ ሰው ነው። ለዚህ ግን አንዲት ቃል አጣ። የዝና ትንሽ ጠበቀችው፤ ጠብቃዋለች፣ ይህን መካድ አይቻልም። ከዚያ ግንዱን አንሥታ ወደ ጉድጓዱ ወረደች።

በማግሥቱ የቀትር ደወል ሲደወል ደመላሽ መጋረጃ ሳይኖር፣ ሰው እያየው፣ በምስማር ኖራውን ፋቀ። ሕዝቡ ተሰብስቦ ፊደሏን አየ። ጥቂት ሰዎች እዚያው ቁጭ አሉ። አንዲት አሮጊት የአንድ ሰው ስም እየጠሩ ወደ ቤታቸው ሄዱ፤ ከዚያ ቀን በኋላ ድንጋይ ይዘው አልታዩም። ሌላው ሰው ግን ዞሮ ወደ ሸንጎው ነው ያየው።

ሸንጎውም ተቀመጠ። ፊደሏን የሚመረምር ጉባኤ ሰየመ፤ ጉባኤው ሦስት ዓመት ሠርቶ ውሳኔ አወጣ። ህ ፊደል አይደለችም፤ አባ ልሳኑ ቀርጸው ሲደክማቸው የተነፈሷት ትንፋሽ ናት። ስለዚህ ሰባተኛው መስመር ሲነበብ እዚያች ላይ ሁሉም ሰው አንድ ላይ «ህ» ብሎ ይተንፍስ ተባለ። እስከ ዛሬ ይተነፍሳሉ። ሲሰሙት ያምራል ይባላል።

የደመላሽ ድንጋይ ከግንቡ ተነቀለ። ያልነቃ ተብሎ ከገደሉ ሥር ወረደ። እንዲቆፍር የተሰጠው ጉድጓድ ከየዝና ጉድጓድ ጥቂት ራቅ ብሎ ያለው ነው። እሷም አላባረረችውም። በበዓል ቀን ምግብ ትልክለታለች፤ «ለእርስዎ ነው» ብለው ነው የሚያመጡለት።

አርጅቷል አሁን። ጆሮው ግን ደህና ነው። የዝና ዶሮዎቿን ስትጠራ ይሰማል። ጎረቤቶቿን ስትጠራ፣ ገመድ አቀብሉኝ ስትል፣ ከባድ ነገር ገጥሟት አንድ ሰው ስትፈልግ ይሰማል። ያች የሻከረች ድምፅ ገና ከፍ ስትል ዶማውን ጥሎ ብድግ ይላል፣ አንገቱን ወደዚያ አዘንብሎ ይቆማል፣ ስሙን ይጠብቃል። የሌላ ሰው ስም ይሆናል። ያ ሌላ ሰው ሮጦ ይደርስላታል። ደመላሽ ዶማውን መልሶ ያነሳል።

እስካሁን አልጠራችውም።